አባቱ ያለ ሰው የማይነካው ሳህን

ዣፓር ፊልም ላይ መሞት ከጀመረ ሃያ ሦስት ዓመት ሆኖታል። በጥይት ሞቷል፣ ከፈረስ ወድቆ ሞቷል፣ ሁለት ጊዜ ወንዝ ወስዶታል፤ አንዴማ ደራሲው ምን እንደሚያደርገው ግራ ቢገባው በእባብ አስነድፎታል። ሽፍታ ወይም መንገድ መሪ ወይም የሀብታም ሎሌ ሆኖ ይመጣና፣ ፊልሙ አርባ ደቂቃ ሳይሞላው ይገላገሉትና ሌሎቹ ጉዟቸውን ይቀጥላሉ። የሐሰት ጢም የሚለጠፍበት ሙጫ የላይ ከንፈሩን ስላቃጠለው ዛሬ የራሱ ጢም እዚያ ቦታ ላይ አይበቅልም። ብርድ በመጣ ቁጥር ጉልበቱን ይቆረጥመዋል። ሃምሳ አራት ዓመቱ ነው፤ ሲነሳም ሲቀመጥም እህ ይላል።

ሞቱንስ ለምዶት ነበር። ያልለመደው የድምፁን ነገር ነው። ፊልሙ በሩሲያኛ ሲወጣ አንድ የሞስኮ ሰው ይናገርለታል። ያንን ሰው አንድ ቀን ሻይ ቤት ወረፋ ላይ አግኝቶት ነበር፤ ሰውየው እጁን ጨብጦ፣ "አውቅሃለሁ እኮ፣ የት የት እንደምትተነፍስ ሁሉ አውቃለሁ" አለው። ፊልሙ በካዛክኛ ሲመለስ ደግሞ ዣፓር ሌላ አገር ሌላ ሞት እየሞተ ስለሚሆን፣ ስቱዲዮው ያገኘውን ጎረምሳ ማይክሮፎን ፊት ያቆማል። እንዲህ እንዲህ እያለ በሃያ ሦስት ዓመት ውስጥ አንዲት ቃል በራሱ ድምፅ ለሕዝብ ተናግሮ አያውቅም።

አባቱ ኦሚርዛቅ ይህንን ነገር የተረዱት ገና ከመጀመሪያው ፊልም ነው። ያኔ ፊልም ከሚታይበት የመንደሩ ክበብ ወጥተው በሩ ላይ ጠበቁትና፣ "አፉ ያንተ ነው፤ የሚናገረው ሰው ማነው?" አሉት። ሊያስረዳቸው ሞከረ። አዳምጠው ሲያበቁ፣ "አፉን ከፍቶ ሌላ ሰው የሚያናግር ልጅ አልወለድኩም" ብለው ሄዱ። ብዙ ዓመት ታገሱ። በመጨረሻ ግን፣ ልጅ ሲሞት በዓይን ማየት በቃኝ ብለው ክበቡ ደጃፍ መድረስ ከተዉ ዘጠኝ ዓመት አልፏል። አሁን ሰማንያ ስድስት ዓመታቸው ነው።

ባለፈው የበረዶ ወራት ቴልማን የሚባል ዳይሬክተር አልማ-አታ ከተማ እስከሚገኘው የዣፓር ቤት ድረስ መጣ። የያዘው ታሪክ ባይዣን ስለሚባል ሽማግሌ ነው፤ አምስት ልጆቹ ጦር ሜዳ ቀርተውበት አፉን ዘግቶ የሚኖር ሰው። ባይዣን አይሞትም። ፊልሙ እስኪያልቅ አይናገርም፤ መጨረሻው ላይ ብቻ አንዲት ነገር ይናገራል።

"በካዛክኛው ማይክሮፎን ላይ የሚቆሙት እርስዎ ነዎት" አለ ቴልማን። "ሌላ ሰው አላስጠጋም።"

ዣፓር ያን ዕለት ለአባቱ ደብዳቤ ጻፈ። "አባቴ፣ በዚህኛው አልሞትም። የምናገረውም እኔው ነኝ።" መልሱ አብራቸው በምትኖረው በእህቱ በኩልዣን የእጅ ጽሑፍ መጣ። "ካልሞትክ እመጣለሁ ብለዋል" ይላል። ዣፓር ደብዳቤውን አጣጥፎ ኪሱ ከተተ። ከዚያ ወዲያ የፈለገው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ሽማግሌው ሳይሞቱ አንዴ፣ አንዴ ብቻ፣ ልጃቸው ከፊልሙ መጋረጃ ላይ ሲናገር እንዲሰሙ።

ቀረጻው ኢሊ ወንዝ ዳር ነበር። የመጨረሻው ትዕይንት ሲደርስ፣ በድንኳኑ ውስጥ ባይዣን ፊት በሳህን የተቀቀለ የበግ ራስ ቀረበ። ባይዣን ይቆርጣል፤ ጆሮዋን ቆርጦ እንደ ወጉ ለትንሹ ልጅ ሊሰጥ ዙሪያውን ያያል፤ የሚቀበለው ልጅ የለም። ያን ጊዜ፣ "ይቺን ጆሮ ማን ይብላት?" ይላል። ከፊልሙ ሁሉ የሚናገረው ይህንኑ ነው።

ዣፓር ሳህኑን አየና ከምንጣፉ ተነሳ።

"ቴልማን፣ ይህንን ቀይረው።"

"የቱን?"

"ራሱን። እኔ አልቆርጥም።"

"ምነው፣ ጥርስዎን ያምዎታል?"

"አባቴ በሕይወት አሉ።"

"እንኳን ኖሩልዎ። ታዲያ?"

ዣፓር ሰውየው የሚያሾፍበት መስሎት ዓይን ዓይኑን አየው። አያሾፍም። ቴልማን ያደገው በሕፃናት ማሳደጊያ ነው፤ በረሃቡ ዓመት ከመንገድ ዳር አንስተው ስም ያወጡለት እነሱ ናቸው። የአገሩን ወግ የተማረው ከመጽሐፍ ነው፤ ስለዚህ ከማንም በላይ ያጠብቃል። የድንኳኑን ገመድ እንኳ ሦስት ጊዜ አስፈትቶ አሳስሯል።

"አባቱ ያለ ሰው ራስ አይቆርጥም" አለ ዣፓር በዝግታ። "ቢቀርብለት ሳህኑን በሁለት እጁ ተቀብሎ ለሌላ ያሳልፋል። ቆረጠ ማለት፣ አባቴ ሞቷል፣ ከእንግዲህ ታላቁ እኔ ነኝ ብሎ ለሰው ተናገረ ማለት ነው።"

"መጽሐፉ ላይ ይህ የለም።"

"መጽሐፉን የጻፈው ሰው አባቱ ሞተውበት ይሆናል።"

ቴልማን ፊቱን በመዳፉ አሸ። ዓይኖቹ ከእንቅልፍ እጦት ቀልተዋል፤ እሱም ደክሞታል። "ጋሽ ዣፓር፣ የሚቆርጠው ባይዣን ነው። የባይዣን አባት ከሞተ አርባ ዓመቱ ነው። ይህ ትዕይንት ከሌለ ፊልም የለኝም፤ እርስዎም የሚናገሩት ነገር የለዎትም። ላስፈራራዎት አይደለም፣ ግን የስቱዲዮው አለቆች ከመጀመሪያውም ሌላ ሰው ነበር የፈለጉት። ዛሬ ቢደወልላቸው ነገ ይልኩታል።"

ዣፓር ከድንኳኑ ወጥቶ ወንዙ ዳር ተቀመጠ። ሃያ ሦስት ዓመት ራሱን ሲገድል ኖሯል፤ አሁን ደግሞ አባትህን ግደል ሊሉት ነው። እምቢ ቢል ነገ ያው ጢም ይለጠፍለታል፣ ያው ሽፍታ ይሆናል፣ ሽማግሌውም ድምፁን ሳይሰሙ ያልፋሉ። እሺ ቢል አባቱን በገዛ እጁ ቀበረ ማለት ነው። ማን ያያል? አገር ያያል፤ ፊልም አይደል እንዴ። ሲጋራ አጨሰ። ሁለተኛ አጨሰ። ከዚያ እህ ብሎ ተነሳና ተመልሶ ሳህኑ ፊት ተቀመጠ። ስለ ወግ ብዙ አስቦ ሳይሆን መከራከር ስለሰለቸው ነው ቢባል ከእውነቱ አይርቅም።

ዘጠኝ ጊዜ ቀረጹት። ምግብ አብሳይዋ ከኋላ ራስ በራስ ላይ ትቀቅላለች፤ ዝንብ አለ፣ ሙቀት አለ፣ ቅባቱ ክርኑ ድረስ ወርዷል። "በዚህ በኩል ይጀምሩ፣ ካሜራው በግራ ነው" ይለዋል ቴልማን። በግራ ይጀምራል። በአምስተኛው ላይ ከአንድ ጋዜጣ የመጣ ፎቶ አንሺ ብልጭ አደረገበት። ዣፓር ቀና ብሎ አየው እንጂ ምንም አላለም። ሰውየው ማን ላይ ምን እንደሚያመጣ ያን ጊዜ አልታየውም።

በሁለት ሳምንቱ ቴሌግራም ደረሰው። "ቦልትሪክ ከነሰዎቹ መጥቷል። ቶሎ ና። ኩልዣን።"

ቦልትሪክ የአባቱ የአጎት ልጅ ነው፤ ከሚኖርበት ከሌላው ወረዳ ለሠርግና ለለቅሶ ካልሆነ በቀር ንቅንቅ አይልም። ሠርግ ደግሞ የለም። ዣፓር ቴልማንን እንኳ በቅጡ ሳይሰናበት የሱፍ ጭነት መኪና ላይ ወጣ። አንድ ቀን ተኩል መንገድ ነው። መንገዱን ሁሉ እጆቹን ሲያይ ሄደ። የአብሳይዋ ሳሙና ያላስለቀቀው የበግ ጮማ ሽታ አሁንም ያለባቸው ይመስለው ነበር።

ሲደርስ ደጁ ላይ አሥር ያህል ፈረስ ታስሯል። ግቢው ውስጥ ሴቶች እሳት ያነዳሉ። ከዚህ በላይ ምን ምልክት ይፈልጋል? እንደ አገሩ ልማድ ከአጥሩ ውጭ ጀምሮ፣ "አባቴን! አባቴን!" እያለ፣ ወገቡን ይዞ፣ እየተንገዳገደ ገባ። በሕይወቱ እንዲህ አልቅሶ አያውቅም፤ ትወናም አልነበረበትም። በሩን በትከሻው ከፍቶ ምንጣፉ ላይ ተደፋ።

"ዘገየህ" አለ አንድ ድምፅ። "ቦልትሪክ ካንተ ይሻላል። ከወንዙ ማዶ ጀምሮ ነው ያለቀሰልኝ።"

ኦሚርዛቅ ከላይ፣ በክብር ቦታቸው ላይ ተቀምጠው ሻይ ይዘዋል። በግራ በቀኛቸው የተደረደሩት ሽማግሌዎች የት እንደሚገቡ ጠፍቷቸዋል። ዣፓር በጉልበቱ እንደቆመ ቀረ። መሳቅም ማልቀስም አቃተው፤ አፉ ብቻ ክፍት ሆነ።

ቦልትሪክ ከደረት ኪሱ አራት ጊዜ የታጠፈ ጋዜጣ አወጣ። ፊቱ ቅጭም ብሏል፤ መጥቶ የተዋረደ ሰው ነው። "እኔ ምን ላድርግ? ዣፓር ራስ ይቆርጣል። ይኸው። ወንድሜ ሞቶ ሳይነገረኝ፣ አርባውም አልፎ፣ ልጁ ራስ ይቆርጣል ብዬ ሆዴ ተቃጠለ። ሰው አስከትዬ መጣሁ። ጋዜጣ ይዋሻል እንዴ?"

አንዱ ሽማግሌ ሳል ሳል አለው። ሌላው ጣሪያውን አየ።

"ፈረሱን ይዤ ያወረድኩት እኔ ነኝ" አሉ ኦሚርዛቅ። "ማንን ነው የምታለቅሰው አያ ቦልትሪክ ብዬ ብጠይቀው፣ አንተን አለኝ። እንግዲያው ግባ፣ ሻይ አለ አልኩት።"

በለቅሶ የመጣ ሰው ባዶውን አይመለስም። በግ ታረደ። ራሱ ተቀቅሎ ሲመጣ ለኦሚርዛቅ ቀረበ፤ እሳቸውም ቢላውን አንስተው ቀስ ብለው ቆረጡ። የቀኝ ጉንጭ፣ ጆሮ፣ ከዚያ ላንቃ። ጆሮዋን ለኩልዣን ትንሽ ልጅ ሰጡ። ለዣፓር ከዳር ሥጋ ደረሰው። አባቱ ሙሉ ቀን አላናገሩትም፤ እንግዶቹም ወደ እሱ ማየት ፈሩ። ቦልትሪክ ብቻ ፈረሱ ላይ ሲወጣ ጎንበስ ብሎ፣ "ሁለተኛ አላለቅስልህም። የእውነቱ ሲመጣ ራስህ ጥራኝ" ብሎት ሄደ።

ሰው ሁሉ ከሄደ በኋላ ኦሚርዛቅ ከቤቱ ጀርባ፣ ፀሐይ የምትመታው ግድግዳ ሥር ጠሩት። ትንሿ ጠረጴዛ ላይ ጋዜጣው ተዘርግቷል። አጠገቡ ሐብሐብ በሳህን፣ ቢላም።

"በግራ ጀምረሃል" አሉ ጣታቸውን ፎቶው ላይ አድርገው። "ለምን?"

"ካሜራው በዚያ በኩል ነበር።"

"ካሜራው እንግዳ ነው?"

ዣፓር አንገቱን ደፋ።

"ቢላውንም ተመልከት። እንጨት የሚጠርብ ነው የሚመስለው። አገር ሁሉ እያየህ! የኦሚርዛቅ ልጅ ራስ መቁረጥ አያውቅም ሲሉ አይሰማህም?"

"ማን አሳየኝ አባቴ?" አለ ዣፓር። ድምፁ ከሐሳቡ በላይ ጎልቶ ወጣ።

ሽማግሌው ጋዜጣውን አጣጥፈው ወደ ጎን አደረጉት። ከአጥሩ ማዶ ኩልዣን ሳህን ታጥባለች።

"እውነትህን ነው" አሉ በመጨረሻ። "ፈረስ አሳይቼሃለሁ፣ ማረድ አሳይቼሃለሁ። ይህንን ግን አባት ለልጁ አያሳይም። ምን ብሎ ያሳያል? ለእኔም ማንም አላሳየኝም። አባቴን በቀበርኩ ሰሞን የመጀመሪያው ሳህን ሲቀርብልኝ እጄ ተንቀጠቀጠና ጆሮዋ ምንጣፍ ላይ ወደቀች። ሰው ሁሉ አየ። ሃምሳ ዓመት አለፈ፤ ዛሬም ሳስበው በሀፍረት ይሞቀኛል።"

ሐብሐቡን ወደ ልጃቸው ገፉት።

"ይህ ራስ ነው። አፍንጫው ወዳንተ። ቢላው እንዲህ፤ ስለቱ ወዳንተ እንጂ ወደ ሰው አይዞርም። በቀኝ ጀምር። አትፍራ፣ ሐብሐብ ስለሆነ ማንም አይሞትም።"

ዣፓር ቆረጠ። አባቱ እጁን ይዘው አቃኑት፤ መዳፋቸው ደረቅና ቀላል ነበር። "ቀስ። የተራበ አትምሰል። ይህ ጉንጭ ነው፤ ይህቺ ጆሮ ናት። ጆሮዋን ከመስጠትህ በፊት ልጁን በዓይንህ ፈልገው፤ የተፈለገ ይምሰለው።" ደግመው አስቆረጡት። የሚቆረጥ ሐብሐብ ሲያልቅ ተቀምጠው በሉት፤ ፍሬውን አጥሩ ላይ እየተፉ።

"ተቀይመውኛል?" አለ ዣፓር።

"ደክሞኛል ልጄ። ቅያሜ ጉልበት ይፈልጋል።"

"ፊልሙን ለማየት ይመጣሉ?"

ኦሚርዛቅ ጺማቸውን ጠረጉ። "ካልሞትክ እመጣለሁ ብዬ ነበር። አንተስ አልሞትክም። የሞትኩት እኔ ነኝ" አሉና በትራቸውን ይዘው ተነሱ።

ዣፓር ወደ ኢሊ ሲመለስ ጓዙ እየታሰረ ነበር። ለቴልማን የሆነውን ሁሉ ነገረው። ቴልማን የቦልትሪክን ለቅሶ ሲሰማ ሳቀ፤ ሐብሐቡ ጋ ሲደርስ ሳቁን ተወ።

"ስለዚህ በስህተት ነው የቀረጽነው" አለ።

"ልታውቅ አትችልም።"

"ለእኔስ እንዴት እንደሚቆረጥ ማን ያሳየኛል? ከሕፃንነቴ ጀምሮ ራስ መቁረጥ ይፈቀድልኝ ነበር ማለት ነው እኮ።" ይህን ያለው ለራሱ ይመስላል። ከዚያ ረዳቶቹን ጠርቶ ድንኳኑን መልሰው እንዲተክሉ፣ ካሜራውንም በቀኝ እንዲያቆሙ አዘዘ። የቀረው ጥሬ ፊልም ለአንድ ጊዜ ብቻ የሚበቃ ነው። ዣፓር አንዴ ቆረጠ። በቀኝ ጀመረ፣ ጆሮዋን ይዞ ልጁን በዓይኑ ፈለገ፣ ከዚያ ያቺን ነገር ተናገረ። ሲጨርስ ማንም አላጨበጨበም። አብሳይዋ በሽርጧ ጫፍ ዓይኗን ስትጠርግ ታየች።

ፊልሙ መንደሩ የደረሰው በየካቲት፣ እሑድ ከሰዓት በኋላ ነው። የክበቡን መስኮቶች በብርድ ልብስ ሸፈኗቸው። ዣፓር በሩ ላይ ቆሞ ጠበቀ። ሰው ገብቶ አለቀ፣ መብራት ጠፋ፣ ማሽኑ ተነሳ፤ አባቱ የሉም። ተስፋ ቆርጦ ሊገባ ሲል ኩልዣን እጃቸውን ይዛ አመጣቻቸው። ቆባቸውን ሳያወልቁ በሩ አጠገብ፣ ሰው በማይቀመጥበት ወንበር ጫፍ ላይ ቁጭ አሉ። ልጃቸውን ቀና ብለው አላዩትም።

አንድ ሰዓት ሙሉ ሳይነቃነቁ ተመለከቱ። ባይዣን ፈረስ ያጠጣል፣ ደብዳቤ ይቀበላል፣ ሰው ሲያናግረው ፊቱን ያዞራል። አይናገርም። ዣፓር የሚያየው አባቱን እንጂ መጋረጃውን አልነበረም። ከዚያ ሳህኑ ቀረበ። የባይዣን እጅ ወደ ቢላው ሲሄድ ኦሚርዛቅ በትራቸውን ተደግፈው ተነሱና በሩን ከፍተው ወጡ።

ሃያ ሦስት ዓመት ጠብቆ ለዚህ ነበር? ዣፓር ተከትሏቸው ወጣ።

በረዶው ላይ ፀሐይ ነበረች። ሽማግሌው አልሄዱም። የክበቡን ግድግዳ ተደግፈው ቆመዋል።

"ይግቡ እንጂ አባቴ። አሁን ነው እኮ።"

"ልጄ ራስ ሲቆርጥ እኔ ቤት ውስጥ መገኘት የለብኝም" አሉ። "ነውር ነው። ዝም በል።"

የግድግዳው ጣውላ ስስ ነው። ከውስጥ የማሽኑ ድምፅ ይሰማል፣ ሰው ይስላል፣ ሕፃን ያላዝናል። ከዚያ ሁሉም ጸጥ አለ። ኦሚርዛቅ ቆባቸውን ከፍ አድርገው ጆሯቸውን ጣውላው ላይ ለጠፉ። የደከመ፣ ትንሽ የሻከረ፣ አልማ-አታም ሞስኮም የማያውቁት ድምፅ ከጣውላው ወዲያ መጣ።

"ይቺን ጆሮ ማን ይብላት?"

ውስጥ አንዲት ሴት ስቅስቅ ብላ አለቀሰች። ሽማግሌው ከግድግዳው አልተላቀቁም። ዓይናቸውን ጨፍነው፣ የቀረ ነገር እንዳለ ሁሉ እየጠበቁ ነው። የቀረ አልነበረም።

"አሁን አንተ ነህ" አሉ።

ዣፓር በጫማው ጫፍ በረዶውን ቆፈረ።

"ግባ፣ ብርድ ነው" አሉት አባቱ። "እኔ እዚሁ እቆያለሁ። ቆርጠህ ስትጨርስ ትጠራኛለህ።"

ዣፓር አልገባም። አጠገባቸው ሄዶ ግድግዳውን ተደገፈ፣ እጁንም በክንዳቸው ሥር አሾለከ። የፊልሙን ፍጻሜ ሁለቱም አላዩትም።